ከጆሮ ጀርባ ያለች ነጥብ

ልጄ ለሕፃኗ ሞግዚት ቀጥራ ሳሎኗ ውስጥ ካሜራ አስተከለች። ስልኬ ላይም ጫነችልኝና «እማዬ፣ እኔ ሺፍት ላይ ስሆን አንቺ ቼክ አድርጊያት» አለችኝ። እሺ አልኳት። ብቻዬን ስቀር ግን የሮሃን ጆሮ ትዝ አለኝ።

የዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበርኩ። በዲቪ ላስ ቬጋስ ከገባን ገና ስድስት ወራችን ነው። ሎን ማውንቴን አካባቢ የሚኖር አንድ የሕንድ ቤተሰብ ሕፃን እንድይዝ ቀጠረኝ። እናትየው ሚና ጠዋት ሥራ ስትሄድ ቤት የምንቀረው እኔ፣ የሰባት ወሩ ሮሃንና ሁሉም «ባ» የሚሏቸው የአባቱ እናት ነን። አናት በሚበሳው ፀሐይ ከአውቶቡስ ወርጄ ስደርስ ጫማዬን በር ላይ አወልቃለሁ። ባ ትኩስ ዘይት ላይ ከሙን ጣል ሲያደርጉ ቤቱን ያውደዋል። ስስ ቂጣቸውን ቅቤ ቀብተው ከዝንጅብል ሻይ ጋር ይሰጡኛል። ስበላ ግን ዓይን ዓይኔን ያዩኛል።

በሁለተኛው ቀን ሮሃንን ሳጥበው ከጆሮው ጀርባ ጥቁር ነጥብ አየሁ። ፈትጌ አስለቀቅሁት። በማግስቱ እዚያው ቦታ ተመልሶ ጠበቀኝ። ሆቴል የምታጸዳው አክስቴ፣ አለቆቿ አልጋ ሥር ብጣሽ ወረቀት ጥለው ታነሳው እንደሆነ እንደሚፈትኗት ነግራኝ ነበር። በቃ፣ ገባኝ፤ አሮጊቷ ልጁን በደንብ ማጠቤን ሊያረጋግጡ ምልክት ያደርጉበታል። አራት ታናናሾቼን አዝዬ ያሳደግሁ እኔ ልፈተን?

እልህ ያዘኝ። የልጁ ጆሮ እስኪቀላ እፈትግ ነበር፤ ይህን ስናገር ዛሬም አፍራለሁ። ነጥቡ በጠፋ ቁጥር የባ ፊት ይጠቁራል። ጭራሽ መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ቆመው ይጠብቁኝ ጀመር። አንድ ቀን ጨውና በርበሬ ጨብጠው በልጁ ራስ ዙሪያ አዞሩና እሳት ላይ ጣሉት። እኔ የጴንጤ ልጅ፣ በልቤ «በኢየሱስ ስም» እያልኩ፣ ሴትዮዋ መተተኛ ናቸው ብዬ ደመደምኩ።

ሮሃንን ያተኮሰው ዕለት ሚና ከሥራ ቀርታ ጠራችኝ። ነጥቡን ለምን እንደማጠፋው ጠየቀችኝ።

«በደንብ እንዳጠብኩት እንድታዩ ነዋ» አልኳት።

«ኩል እኮ ነው። የሰው ዓይን እንዳይበላው ነው የሚደረግለት» አለች። ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ባ የፈሩት ያንቺን ዓይን ነው። ዛሬ ላሰናብትሽ ነበር።»

እኔ ቡዳ! እናቴ ጌታን ከመቀበሏ በፊት እኛንም እንግዳ ሲመጣ በነጠላ ትሸፍነን ነበር። የምትሸፍነን ከማን እንደሆነ፣ ያ ሰው ምን እንደሚሰማው፣ አስቤ አላውቅም። አለቀስኩ።

ሚና የነገርኳትን በቋንቋቸው ስታስረዳቸው ባ ተነሡ። የኩሉን ዕቃ አምጥተው ጣቴን ያዙና ነከሩት። ከሮሃን ጆሮ ጀርባ ነጥቡን ያደረጉለት በእኔው ጣት ነው። ትኩሳቱም በሁለተኛው ቀን ለቀቀው። ከዚያ በኋላ ለሁለት ዓመት ልጁን አጥቤ ስጨርስ ኩሉን የምቀባው እኔ ነበርኩ። ፓስተራችን ቢሰማ ምን እንደሚለኝ እንጃ።

አሁን ስልኬ ላይ ሞግዚቷ የልጅ ልጄን አቅፋ ሳሎን ውስጥ ትንጎራደዳለች። ልጅቷ ሃያ ዓመትም የሞላት አይመስለኝም። ባ እኔን እንዳመኑኝ ላምናት ብዬ ስልኩን ልዘጋው ነበር። ጀርባዋን ለካሜራው ሰጥታ ጎንበስ ስትል ግን መነጽሬን አደረግሁ።