የልጅ ልጄ የይለፍ ቃሌን አደባባይ አወጣችው

ዛሬ ጠዋት አንድ የማላውቀው ልጅ «አባባ፣ የግብር የይለፍ ቃልዎ ኢንተርኔት ላይ እንደ ታጠበ ልብስ ተሰቅሏል፤ ቶሎ ይቀይሩት» ብሎ በሜሴንጀር ጻፈልኝ።

ሌባ መስሎኝ ልሰድበው ስል ቃሉን ራሱን ላከልኝ፦ «ድንቡሼ»። ከወንበሬ ዘልዬ ተነሣሁ።

ፕሮግራመሯ የልጅ ልጄ ሶስና፣ እዚህ ልደታ ኮንዶሚኒየም ቤት የምናከራይ ሽማግሌዎች ግብራችንን ራሳችን እንድናሳውቅ ትንሽ ፕሮግራም ሠርታልናለች። የሞከረችው በእኔ ነው። ትናንት ሌላውም ይጠቀምበት ብላ ኮዱን ኢንተርኔት ላይ ስትለቀው የግብር ከፋይ ቁጥሬንና የይለፍ ቃሌን ውስጡ ረስታዋለች!

ደወልኩላት። «አጠፋሁት፣ አባባ» አለች። ልቀመጥ ስል «ግን የገለበጠ ሰው ካለ ማጥፋቱ አይበቃም፤ አሁኑኑ ይቀይሩት» አለችኝ።

በስሜ ማን ምን ገቢ እያሳወቀ እንደሆነ እያሰብኩ፣ የማረጋገጫ ቁጥሩ በስልኬ እስኪመጣ በረንዳው ላይ ተንቆራጠጥኩ። ጎረቤቴ ዘይነባ ከታች ሆና «ጋሼ፣ ምጥ ያዘዎት እንዴ?» አለችኝ።

«መንታ ነው፤ ውኃ አሙቂ!» አልኳት።

ቁጥሩ መጣ፤ ቀየርኩት። ገብቼ ያሳወቅኩትን ሁሉ አየሁ፤ ማንም አልነካውም። ተመስገን።

ሶስና ግን አልተረፈችም። ድንቡሼ በሕፃንነቷ የምጠራት ስም ነው፤ ዛሬ መሥሪያ ቤቷ ሁሉ ኮዱ ውስጥ አይቶት በሱ ሲጠራት ዋለ። «አዲሱስ ምንድን ነው?» ብትለኝ «ለአንቺማ አልነግርሽም!» አልኳት።

እናንተስ፣ ግብር የሚያሳውቁላችሁ ልጆች ምን ጉድ ሠሩባችሁ? ጻፉልኝ እስቲ። የይለፍ ቃላችሁን ግን ኮመንት ላይ እንዳታስቀምጡት!