ካሳን ይመለከታል

«ከሳሽ ነሽ አንቺ። ከሳሽ ደግሞ ምስክር አይሆንም!»

ይህን ያለኝ ወንድም ታምሩ ነው፤ የምስክርነት ስም የሚመዘግበው ወንድማችን፣ ያው በር ላይ ቆሞ እያየኝ ነው። ባለፈው ረቡዕ ስሜን ላስመዘግብ ስሄድ ፊት ለፊቴ ነው ያለኝ። «መሥሪያ ቤት ከሰሽ የለም እንዴ? መጀመሪያ ክስሽን ጨርሺ» አለኝ። አልተቀየምኩትም። እሺ፣ ትንሽ ተቀይሜዋለሁ። ግን ስሜን ጻፈው፣ ጌታ ይባርከው!

ወገኖቼ፣ ዛሬ የቆምኩት ጌታ ያደረገልኝን ልናገር ነው። ረጅም አላደርገውም፤ ዛሬ የሥራ ቀን ነው፣ በሦስት ሰዓት ተኩል ቀጠሮ አለ።

አባቴን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ፣ ጋሽ ሄራሞ ይባላል። እዚያ ከኋላ ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ የተቀመጠው ነው። ጸጉሩ እስኪሸብት እንጦጦ ላይ ችግኝ ሲያፈላ የኖረ ሰው ነው። ፈረንሳይ ሰፈርን አልፈን ሽቅብ ስንወጣ «ያን ጥድ አየሽው? ላስቲክ ውስጥ እያለ እኔ ነኝ ውኃ ያጠጣሁት» ይለኛል። እኔን ግን አታውቁኝም፤ እሱ እሁድ እሁድ እዚህ ሲመጣ እኔ ተኝቼ ነበር። አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ ሾላ ገበያ ፎቶ ኮፒ ቤት ተቀጠርኩ። ቆሜ እውላለሁ፣ ከሰው ጋር እጨቃጨቃለሁ፣ ኑሮዬ ያ ነበር። እግዚአብሔር የለም አልልም። «ቢኖርም ለአባዬ ዓይነት ሰው ጊዜ የለውም» ነበር የምለው።

እንዲህ ያስባለኝ ጡረታው ነው። አባዬ ሥራ ሲያቆም መሥሪያ ቤቱ ማኅደሩን ወደ ጡረታ መላክ ነበረበት። አልላከም። ዛሬ የሚፈርመው ሰው ስብሰባ ላይ ነው፤ ነገ ቢፒአር የሚሉት የአሠራር ለውጥ ተሠርቶ ዴስክ ተቀይሯል፤ እንዲህ እንዲህ እየተባለ ዓመት አለፈው። አባዬ በየሳምንቱ ይወርዳል፣ ኮፍያውን ያወልቃል፣ «እሺ ጌታዬ፣ ሳምንት እመለሳለሁ» ይላል፣ ይመለሳል። ግድግዳው ላይ ደግሞ «ይህ አገልግሎት በሃያ ደቂቃ ይጠናቀቃል» የሚል ወረቀት ተለጥፏል! በመጨረሻ የተጠራቀመው በአንድ ቀን ተከፈለው። «ተመስገን፣ አለቀ» አለ አባዬ።

ለእኔ አላለቀም። በዚያው ሳምንት የእድራችን ገንዘብ ያዥ ቤት መጣ። አባዬ ለወራት ያቋረጠውን መዋጮ ሁሉ ከነቅጣቱ ተቀበለው። «ጋሽ ሄራሞ፣ ምን ላድርግ፣ ደንብ ነው፤ ያዘገየ ይቀጣል» አለ። አባዬም አመስግኖ ከፈለ። እኔ በር ላይ ቆሜ ደሜ ፈላ። አባቴ ሲያዘገይ የሚቀጣ ከሆነ፣ በአባቴ ላይ ያዘገየው ለምን አይቀጣም?

ማመልከቻ ጻፍኩ። ቀኑን ሙሉ የሰው ማመልከቻ ኮፒ ሳደርግ የምውል ሰው ነኝ፣ ማን ሊያስተምረኝ! በእጄ፣ አሳምሬ፣ ከላይ «ጉዳዩ፦ ካሳን ይመለከታል» ብዬ ሁለት ጊዜ አሰመርኩበት። አባዬ ልቤ እንዲያርፍ ብሎ ከታች ፈረመ። አስገባሁት።

ጠፋ። መዝገብ ቤት የሚሠሩት እትዬ ዘይነባ ይባላሉ፤ በዕድሜ እናቴ ይሆናሉ። «በሄራሞ ስም የገባ ነገር የለም ልጄ» አሉኝ። በሳምንቱም የለም። በሦስተኛው ሳምንት ሰው በተሰለፈበት ጮህኩባቸው። «የሻይ ስላልሰጠሁዎት ነው አይደል? ሌባ ነዎት!» አልኳቸው። ወገኖቼ፣ ይህን ያለው ይህ አፌ ነው። ሴትዮዋ መነጽራቸውን አውልቀው በሻሻቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ። አልበቃኝም። ቅሬታ ሰሚው ዘንድ ገብቼ «ጉቦ ጠየቁኝ» ብዬ በጽሑፍ ከሰስኳቸው። አልጠየቁኝም ነበር።

ቤት ገብቼ ለአባዬ እየሳቅሁ ነገርኩት። አልተቆጣም። «ማርታ፣ እኔ ያለ ጡረታ የከረምኩት አይበቃም? ሌላ ሰው በእኛ ምክንያት ያለ ደሞዝ ይክረም?» አለኝ። እንቅልፍ አጣሁ ብዬ አልዋሻችሁም፤ ተኝቻለሁ። ግን ያቺ ንግግር ታክሲ ውስጥም፣ ኮፒ ማሽኑ ጋ ስቆምም አልለቀቀችኝም።

ቅሬታ ሰሚው ሁለታችንንም ጠራን። «መዝገብ ቤቱ ይፈተሽ፤ ወረቀቱ ካልተገኘ ከሥራ ይታገዳሉ» አላቸው። እትዬ ዘይነባ ማኅደሮቹን ያወርዳሉ፣ እኔ እገልጣለሁ። አንድ አዲስ ማኅደር እጄ ገባ። ጀርባው ላይ በቀይ «አቶ ካሳ» ይላል። ውስጡ አንድ ወረቀት ብቻ። የእኔ የእጅ ጽሑፍ! ሴትዮዋ ከታች የተፈረመውን ሳይሆን ከላይ የተሰመረበትን አይተው፣ ካሳ የሚባል ባለጉዳይ መስሏቸው፣ ለሰውዬው ማኅደር ከፍተውለታል! ያቺን «ን» ያስገባኋት እኔ ነኝ። «ካሳ ስለመጠየቅ» ብል ማን ይሳሳት ነበር?

ቅሬታ ሰሚው ሳቀ። «በሉ አቶ ካሳ ይጠሩና ይጠየቁ!» አለ። እኔ መሳቅ አልቻልኩም። እግራቸው ላይ ወድቄ «ዋሽቻለሁ፣ ጉቦ አልጠየቁኝም» አልኩ፣ በሰው ፊት። እትዬ ዘይነባ ብብቴን ይዘው አነሡኝ። «አውፍ ብዬሻለሁ ልጄ፤ ተነሺ፣ ወለሉ አቧራ ነው» አሉኝ። እንዲሁ በቀላሉ ይቅር አሉኝ! ወገኖቼ፣ እሳቸው የእኛ ቤት ሰው አይደሉም፣ ሙስሊም ናቸው። ይቅርታ ምን እንደሚመስል መጀመሪያ ያየሁት ግን በእሳቸው ፊት ላይ ነው። ክብር ለስሙ ይሁን!

ያን ቀን ወደ ቤት በእግሬ ወጣሁ። ስደርስ አባዬ ተንበርክኮ ነበር። «ለካሳው ነው?» አልኩት። «የካሳው ተራ መቼ ደረሰና!» አለኝ። «ወረፋውን ይዞ የከረመው ያንቺ ጉዳይ ነው።» አለቀስኩ። «እንግዲያው ዛሬ ደርሷል» አልኩትና አጠገቡ ተንበረከክሁ። ሃሌ ሉያ!

ወንድም ታምሩ የሚጠይቀኝ እዚህ ላይ ነው፤ «ታዲያ ከዳንሽ ካሳውን ለምን አትተዪውም?» ወንድሜ፣ እኔ ለበደልኩት ይቅርታ ጠይቄያለሁ። እነሱ ለበደሉት እኔ ንስሐ ልገባላቸው አልችልም። እትዬ ዘይነባ ራሳቸው «ካሳውን ተዪ ማን አለሽ? ያቺን ‹ን› አውጪና እንደገና ጻፊው» አሉኝ። ጻፍኩ። በእጃቸው ለሕግ ክፍል አደረሱልኝ። የሕግ ክፍሉ ሰውዬ አንብቦ «ያለ ጥፋቱ ጡረታው ዘግይቶበት የተጎዳ ሰው መጠየቅ መብቱ ነው» አለ። «ግን አንቺ አይደለሽም የምትናገሪው። ባለመብቱ ራሱ ቀርቦ ተጎድቻለሁ ይበል።»

ችግሩ ይኸው። አባዬ በሕይወቱ «ተጎድቻለሁ» ብሎ አያውቅም። «እግዚአብሔር እያለልኝ ተጎዳሁ ብል ስሙን ማሰደብ ነው» ይላል። ሁለት ቀጠሮ አሳለፈ። ሦስተኛው ዛሬ ነው፤ ካልቀረበ ማኅደሩ ይዘጋል። አልጨቀጨቅሁትም። ይህ ራሱ ተአምር ነው፣ ጎረቤቶቼን ጠይቁ! ትናንት ብቻ «አባዬ፣ ጌታ አልተወህም። መሥሪያ ቤቱ ግን ጎድቶሃል። ሁለቱም እውነት ነው» አልኩት። ዛሬ ጠዋት ጢሙን ተላጭቶ አገኘሁት። የት እንደሚሄድ አልነገረኝም፣ አልጠየቅሁትም።

ወገኖቼ፣ ዛሬ ልቤ ያረፈ ነው፣ ተመስገን! እንደ እኔ «ለእኔ ጊዜ የለውም» የምትሉ ካላችሁ እመኑት። ስንት ዓመት ያዘገየሁበት እኔ ነኝ፤ ቅጣት አልጠየቀኝም። ጌታ ይባረክ!

ወንድም ታምሩ፣ ከሳሽ ምስክር አይሆንም ብለኸኝ ነበር። እውነትህን ነው። ያው፣ ወደ ኋላ ተመልከት፤ ኮፍያውን አድርጎ ተነሥቷል። ከሳሹ እሱ ነው። እኔ ምስክሩ ነኝ።

በሩን ክፈትልን። አባዬ፣ ቆየኝ፣ መጣሁ።