ውርስ ያልነው በሬ

ይህን ለነፍስ አባቴ እንኳ ተናግሬው አላውቅም። ስንት ጊዜ ንስሐ ገብቼ ስንቱን ስዘረዝር፣ ይህችን ግን እየዘለልኋት እዚህ ደረስሁ። ሰርቄ ነበር። የሰረቅሁትም ሚስቴን ነው።

ጣሊያን ደብረ ማርቆስ በሰፈረበት ዘመን እኛ አማኑኤል አጠገብ እናርስ ነበር። ወታደሮቹ መጡና ከሁለቱ በሬዎቼ አንዱን ነድተው አረዱት። በአንድ በሬ ማን ያርሳል? የሚያቀናጀኝም ሰው ጠፋ። ክረምት ሳይገባ ሁለተኛ በሬ ካላገኘሁ ማሳው ጦሙን ሊያድር ነው። ሚስቴ የሺ፣ ደብረ ማርቆስ ላይ አንድ ዓረብ ነጋዴ እህል የሚያበጥሩ ሴቶች እንደሚቀጥር ሰምታ ኖሮ፣ ሰፌዷን አንጠልጥላ ሄደች። የጣሊያንን የወረቀት ገንዘብ አልቀበልም፣ ጠገራ ብር ካልሆነ አልሠራም ብላ ገባች።

እኔስ ምን አደረግሁ? አፈርሁ። "ሚስቱን ለቅጥር ሰደዳት" እንዳልባል፣ ሆዷን አሟት ጠበል ሄዳለች አልሁ። ጎረቤቱ ደግ ነው፤ አያ ደሴ ጦሙን እንዳያድር እያለ በየማታው ወጥና እንጀራ ያመጣልኛል። እሷ በገለባ አቧራ ስታነጥስ እኔ በበሽታዋ ወፈርሁ!

ሰማዩ መዳመን ሲጀምር የሺ መጣች፤ ፊቷ በርቶ፣ ቀይ በሬ እየነዳች። መንደሩ ግልብጥ ብሎ ወጣ። "በሬውስ ከየት ነው?" አሉ። እሷ ወደኔ ዞር ብላ አየችኝ። እንድናገርላት ነበር። እኔ ግን "የአጎቴ ውርስ ነው" አልሁ። የበሬው ስም በዚያው ውርስ ሆኖ ቀረ።

የሚያስቀው ከዚያ ወዲያ ያለው ነው። ጎረቤታችን ጥሩዬ "የሺ፣ ያ ጠበል ለወገብም ይሆናል?" ብላ ጠየቀቻት። የሺ በጆሮዋ አንሾካሾከችላት። በጋ ሲመጣ ጥሩዬን ወገቧን አመማት፤ ሌላዋን ራሷን፣ ሌላዋን ቁርጥማት ያዛት። ሁሉም ሰፌድ ይዘው ጠበል ወረዱ! ባሎቻቸው ተክዘው "አያ ደሴ፣ ያድናል?" ይሉኛል። "ያድናል" እላለሁ፤ ምን ልበል? አንዷ በግ ይዛ፣ አንዷ አዲስ ጋቢ ለብሳ ድነው ተመለሱ።

ማታ ከእርሻ ስገባ የሺ "ውርስ እንዴት ዋለልዎ?" ትለኛለች። እስቃለሁ፤ ትስቃለች። አንድ ቀን ግን ጠየቀችኝና አልሳቀችም።

"አንድ ጊዜ ብቻ፣ በሰው ፊት፣ የሺ ገዛችው ቢሉ ምን ይጎድልብዎታል?"

ምን ይጎድልብኝ ነበር? ምንም። እሺ አልኋት። በሬው አርጅቶ እስኪሞት ድረስ ግን አልተናገርሁም። በየማለዳው "ና ውርስ!" እያልሁ አረስሁበት፤ በየማለዳው ዋሸሁ።

ዘመኑ ነው፣ ችግሩ ነው አልልም። የኔን በሬ የወሰደው ጣሊያን ነው፤ የሷን የወሰድሁት ግን እኔ ነኝ።

አሁን ሁለታችንም አርጅተናል። ይህን ጽፌ አነበብሁላት። እንባዋ እስኪመጣ ሳቀችና፣ "ለማያውቁን ሰዎች ነው እንዴ የሚጽፉት? የጥሩዬ ባል እኮ ያውና ከደጁ ተቀምጧል" አለችኝ።

እውነቷን ነው። ከዚህ ሆኜ ይታየኛል፤ ፀሐይ እየሞቀ ነው። እኔ ግን ይኸው ገና እጽፋለሁ።

በቃ። የሺ፣ እስቲ ዘንጌን አቀብይኝ።