«ስኳሩን ማን ቀመሰው» የማን ነው?

የባለቤቴ አባት የአይጥ ወጥመድ አዟሪ ናቸው። ይህን የምለው ለማሳነስ አይደለም፤ እሳቸው ራሳቸው ከሰው ሲተዋወቁ ከስማቸው በፊት ሥራቸውን ነው የሚያስቀድሙት። ሠፈሩም ስማቸውን ትቶ ሥራቸውን ያዘና «ባለወጥመዱ» ይላቸዋል። እኔ አባባ ነው የምላቸው። ልጃቸውን ልጠይቅ የሄድኩ ቀን «ሥራህ ምንድን ነው?» አሉኝ።

«ስልክ እጠግናለሁ፤ ሚሞሪ ላይ ዘፈን እጭናለሁ።»

«ዘፈኑን የሚዘፍነው ማን ነው?»

«ዘፋኞች ናቸዋ።»

«ታዲያ አንተ ምን ሠራህ?» አሉኝ። ልጃቸውን ግን ሰጡኝ፤ እግዜር ይስጣቸው።

ወጥመዱን ከእንጨትና ከሽቦ ራሳቸው ይሠሩታል። በገመድ ሰክተው አንገታቸው ላይ ያንጠለጥሉትና ይወጣሉ። አንዳንዴ አንዱ ሳይነኩት ይዘጋና የካፖርታቸውን ኮሌታ ነክሶ ይቀራል፤ እሳቸው ከቁብ አይቆጥሩትም። መንገድ አፍ ላይ ሲደርሱ ግራ እጃቸውን ጆሯቸው ላይ አድርገው ይጮኻሉ፦

«እናት ዓለም! ስኳሩን ማን ቀመሰው? እኔ አይደለሁም! እሱ ነው! ወጥመድ! ወጥመድ!»

ወረቀት ላይ ሲታይ ምንም አይመስልም። ከእሳቸው አፍ ሲወጣ ግን ሌላ ነው። «እኔ አይደለሁም» ሲሉ ድምፃቸው ያለ ጥፋቱ እንደተከሰሰ ሰው ይንቀጠቀጣል። «እሱ ነው» ሲሉ ደግሞ ዳኛ ይሆናሉ። ሴቶቹ መስኮት ላይ ቆመው ይስቃሉ፤ ስቀው ሲጨርሱ የራሳቸው ስኳር ትዝ ይላቸውና ይወርዳሉ። «ስቆ የወረደ ባዶ እጁን አይመለስም» ይላሉ አባባ።

አዟሪዎች አንድ ሕግ አላቸው። የተጻፈ አይደለም፤ ግን የሚጥሰው የለም። መንገዱ አፍ ላይ ስትደርስ ከውስጥ የሌላ አዟሪ ድምፅ ከሰማህ፣ የሚሸጠው ምንም ይሁን ምን፣ ዞረህ ትሄዳለህ። ቀድሞ የጠራው ጨርሶ እስኪወጣ መንገዱ የእሱ ነው። አባባ ደግሞ በሕግ ቀልድ አያውቁም።

ባለፈው ዓመት ጉሮሯቸው ከዳቸው። እኔ ብልጡ አማች የእጅ ድምፅ ማጉያ ገዛሁላቸው፤ ሱቄን ዘግቼ ጥሪውን ቀዳሁት። «እሱ ነው!» ካሉ በኋላ አስነጠሳቸው።

«አባባ፣ እንደገና እንቅዳው?»

«አንዴ ካልኩ አልኩ» ብለው ተነሡ።

ከዚያ ወዲያ ድምፅ ማጉያው በሄደበት ሁሉ ያስነጥሳል። ሴቶቹም ከየመስኮቱ «ይማርህ!» ማለት ጀመሩ፤ ለማሽን!

አሁን ኃጢአቴን ልናዘዝ። ቅጂው ኮምፒውተሬ ላይ ቀርቶ ነበር። አንድ ቀን አንሶላ ሻጩ መጣና «ያቺን የአማችህን ነገር እስቲ ለእኔም ጫንልኝ፤ ሰው ትጠራለች» አለኝ። ጫንኩለት። ቀጥሎ መጥረጊያ ሻጩ መጣ፤ ከእሱ በኋላ ሳፋ ሻጩ። ለእያንዳንዱ እየቆራረጥኩ፣ የራሱን ዕቃ ስም መጨረሻው ላይ እየቀጠልኩ ሰጠሁ። የአንሶላው እንዲህ ሆነ፦ «እናት ዓለም! እኔ አይደለሁም! እሱ ነው! አንሶላ! አንሶላ!» በዚህ ጥሪ የተነሣ አንድ ባልና ሚስት ሳምንት ሙሉ ተኳርፈዋል ይባላል።

ታዲያ አልጸጸተኝም። ወጥመድ ብወስድባቸው አንድ ወጥመድ ይጎድልባቸዋል። ድምፁን ብቀዳው ግን ድምፁ እሳቸው ጋ አለ፤ ምን ጎደለባቸው? እንዲህ እያልኩ ራሴን አሳመንኩ። እኔ ራሴን ለማሳመን ብዙም አልቸገርም።

የጎደለው ነገር በሁለት ሳምንት ውስጥ ታየ። አባባ መንገድ አፍ ላይ ይደርሳሉ፤ ከውስጥ የገዛ ድምፃቸው ከነማስነጠሱ ይሰማል። ሕግ ሕግ ነው፤ ይዞራሉ። ሁለተኛው መንገድ ላይም እሳቸው አሉ፤ ይዞራሉ። ሦስተኛውም ላይ እንደዚሁ። ጠዋቱን ሙሉ ከራሳቸው ሲሸሹ ውለው ምሳ ሰዓት ላይ ወጥመዱን አንድም ሳይጎድል ተሸክመው ቤት ገቡ።

«ምነው፣ የአገሩ አይጥ አለቀ?» አሏቸው እማማ። እማማ የባለቤቴ እናት ናቸው።

«በየመንገዱ አለሁ» አሉ አባባ፤ «የምገባበት አጣሁ።»

እማማ ተነሥተው ግንባራቸውን ዳሰሱ፤ ትኩሳት የለም። በሦስተኛው ቀን ግን ነገሩ ተገለበጠ። እማማ ከገበያ ሲመለሱ ባሏ የሞተባት ልብስ ሰፊ ደጃፍ ላይ የባላቸውን ድምፅ ሰምተው በንዴት ጦፈው ገቡ። አባባ እቤት ቁጭ ብለው ሽቦ ያጥፋሉ።

«ልብስ ሰፊዋ ጋ ምን ትሠራለህ?»

«ኧረ ከዚህ አልተነሣሁም!»

«ስታስነጥስ በጆሮዬ ሰምቼህ! እሷም ይማርህ ስትልህ!»

በማግስቱ አባባ ሱቄ መጡ። ሊከሱኝ አይደለም፤ ሊያማክሩኝ። ይሄ ነው ያሳፈረኝ። «ድምፄን ሰርቀውኛል» አሉና ወንበሩ ላይ ተቀመጡ።

«ድምፅዎ እኮ እዚያው ጉሮሮዎ ውስጥ ነው፣ አባባ። የተሰረቀ ነገር ከነበረበት ይታጣል።»

«በአንተ ስም እየዞርኩ ሰው ብሳደብ፣ ስምህ ከነበረበት ይታጣል?»

«አይታጣም።»

«ታዲያ ዝም ትለኛለህ?»

እኔ ጠመንጃ መፍቻዬን ማገላበጥ ያዝኩ።

«እኔ አይደለሁም የምትለዋን ለማስተካከል ስንት ዓመት እንደፈጀብኝ ታውቃለህ? ሰባት ዓመት! ጮክ ሳደርጋት ውሸት ትመስላለች፤ ዝቅ ሳደርጋት ጥፋተኛ ታስመስለኛለች። እንጨት ስጠርብ ወጥመዱ የእኔ ከሆነ፣ ቃል ስጠርብ ቃሉ የማን ሊሆን ነው?»

«ዘመኑ እኮ የኮፒ ነው፣ አባባ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ደግሞ ቢቀዱት ምን አለበት? ሁሉም ይጠቀማል።»

«ድካሙም ይቅር እሺ። ግን እኔ ራሴን ሳልልክ በየመንገዱ እየዞርኩ ነው፤ ገባህ? እኔ በሕይወቴ አንሶላ ሸጬ አላውቅም! ዛሬ ጠዋት ግን አንሶላ ስሸጥ ራሴን ሰማሁት።»

ለዚህም አንድ መልስ ነበረኝ፤ ጥሩ መልስ ይመስለኛል። ሳልናገረው አንሶላ ሻጩ በሩ ላይ አንገቱን ብቅ አደረገ። «ወንድም፣ ማስነጠስ የሌላትን አልሠራህልኝም እንዴ? ሰው ይማርህ እያለ ሥራ አስፈታኝ እኮ!» አለና አባባን አየ። እጅ ከፍንጅ ተያዝኩ።

አባባ ከወንበሩ ተነሡ። አንገታቸው ላይ ካሉት ወጥመዶች አንዱ በራሱ ጊዜ ቀጭ ብሎ ተዘጋ።

«የሌባ ዓይነ ደረቅ፣ መልሶ ልብ ያደርቅ» ብለው ወጡ።

እሑድ እቤታቸው ጠሩን፤ አንሶላ ሻጩን፣ መጥረጊያ ሻጩን፣ ሳፋ ሻጩንና እኔን። ባለቤቴ ከአባቷ ጎን ተቀመጠች እንጂ ከእኔ ጎን አልተቀመጠችም። መጀመሪያ የመንገዱ ነገር ተነሣ። በዕድሜ የሚበልጠው ሳፋ ሻጩ «ሕጉ የወጣው ለሰው እንጂ ለማሽን አይደለም» አለ፤ «ጉሮሮ ከመጣ ማሽን ይጥፋ፣ መንገዱንም ይልቀቅ።» ሁሉም ተስማማ። የአባባ ፊት ፈካ። ሰውዬው መንገዳቸውን አገኙ፤ ነገሩ እዚህ ላይ ቢያበቃ እንዴት ጥሩ ነበር!

አባባ ግን ማሸነፍ ጣማቸው። «ቀጥሎ» አሉ፤ «ይሄ ቃል የእኔ፣ የብቻዬ መሆኑን አንድ በአንድ እየተነሣችሁ መስክሩ። ከአማቼ ጀምሩ።»

ተነሣሁ። ጉሮሮዬን ጠረግሁ።

«ቆይ» አሉ እማማ ከኩሽናው በር ላይ፤ እጃቸውን እየጠረጉ። «ስኳሩን ማን ቀመሰው ያልኩት እኔ አይደለሁም እንዴ?»

ሁላችንም ወደ ኩሽናው ዞርን።

«ማን ይናገር የነበረ!» አሉና ቀጠሉ። «በተጋባን በሦስተኛው ወር ነው። ጠዋት ጣሳውን ብከፍት ስኳሩ ወርዷል። ስኳሩን ማን ቀመሰው ብዬ ጠየቅሁት። እኔ አይደለሁም አለ። ታዲያ ማን ነው ስለው ያችን የግድግዳ ቀዳዳ አሳየኝና እሱ ነው አለ። ወዲያው ወጥቶ እንጨት ጠርቦ ወጥመድ ሠራ። ጎረቤት ወጥመዱን አየና ለእኔም ሥራልኝ አለ። ንግዱ የተጀመረው ከእኔ አፍ ነው። ሠላሳ ዓመት በየመንገዱ ሲጮኸው አንድ ቀን እንኳ ልጠቀምበት ወይ ብሎኛል? በሉት እስቲ!»

«ይሄማ እውነታቸውን ነው» አለ መጥረጊያ ሻጩ፤ ማንም አልጠየቀውም።

«እኔ ክፉ አይደለሁም» አሉ እማማ። «ለጠየቀኝ እፈቅዳለሁ። ያልጠየቀኝ አፉን ይዝጋ።»

አንሶላ ሻጩ ፈጣን ሰው ነው። «እማማ፣ ልጠቀምበት?» አለ እዚያው። «ተጠቀምበት ልጄ።» መጥረጊያ ሻጩ ጠየቀ፤ ተፈቀደለት። ሳፋ ሻጩም እንደዚሁ። እኔም ጠየቅሁ፤ የምሸጠው ነገር የለኝም፣ ግን ሁሉም ሲጠይቅ ዝም ማለት ነውር መሰለኝ። ከዚያ ሁላችንም ወደ አባባ ዞርን።

«ከገዛ ሚስቴ ቃል ልለምን?» ብለው ቆባቸውን አንሥተው ወጡ።

ከዚያ በኋላ ያለው ሦስት ቀን አንጀት ይበላል። መንገዱ ተመልሶላቸዋል፤ የሚጮኹት ግን የለም። ሌላ ሰው ቢሆን ማን ያየኛል ብሎ ይጮኸው ነበር። እሳቸው ግን መንገድ አፍ ላይ ቆመው «ወጥመድ» ብቻ ይላሉ፤ ልክ ሰው መሞቱን ለቤተሰብ እንደሚያረዳ። መጋረጃ እንኳ የሚገልጥ ጠፋ። ይባስ ብሎ አንሶላ ሻጩ ተፈቅዶለት የእሳቸውን ድምፅ እያስጮኸ ሲመጣ ያያቸውና ማሽኑን ቶሎ አጥፍቶ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ መንገዱን ይለቅላቸዋል። «ከስድብ የከፋ አክብሮት ነው» አሉ ለልጃቸው።

አዘንኩ፤ የምሬን ነው ያዘንኩት። ነገሩን የጀመርኩት እኔ ነኝ። ቅጂውን ከኮምፒውተሬ አጠፋሁት፤ ለአባባ ግን ምንም አልፈየደላቸውም።

በአራተኛው ቀን ምሳ ሰዓት ላይ እኔና ባለቤቴ እነሱ ቤት ነበርን። እማማ ኩሽና ውስጥ ምስር ይለቅማሉ። አባባ ከነወጥመዳቸው ገቡና በሩ ላይ ቆሙ።

«ያቺ ቃል» አሉ።

«የቷ ቃል?»

«የምታውቂያት።»

«ብዙ ቃል አውቃለሁ።»

አባባ እኔን አዩ፤ ልጃቸውን አዩ፤ ጣራውን አዩ። «ስኳሩን ማን ቀመሰው የምትለዋን» አሉ፤ «ልጠቀምባት ወይ?»

ለአዟሪው ሁሉ ወዲያው የፈቀዱት ሴትዮ ወዲያው አልፈቀዱም። ትሪውን ከጉልበታቸው አወረዱ። «ሠላሳ ዓመት ስሰማህ የሚያናድደኝ ምን እንደሆነ ታውቃለህ? እኔ እንደዚያ አላልኩም። አንተ እያሾፍክ ነው የምትላት። እኔ ግን የጠየቅሁህ ሆዴ ባብቶ ነው። ወሩን ሙሉ የምንቆይባት ስኳር ነበረች።» ከዚያም ልክ እንደዚያ ጠዋት፣ ዝቅ ባለ ድምፅ ጠየቋቸው፦ «ስኳሩን ማን ቀመሰው?»

አባባ አፋቸውን ከፈቱ። መልሷ ምላሳቸው ጫፍ ላይ ነበረች፤ ሰባት ዓመት የተጠረበችው፣ ሠላሳ ዓመት የተጮኸችው። አልወጣችም። ወጥመዶቹን ከአንገታቸው አውልቀው መሬት ላይ አስቀመጡ።

«እኔ ነበርኩ» አሉ።

«አባዬ!» አለች ባለቤቴ።

እማማ ትሪያቸውን አንሥተው ምስራቸውን መልቀም ቀጠሉ። «አውቃለሁ» አሉ። «አይጥ ማንኪያውን ጣሳው ውስጥ ትቶ አይሄድም።»

አባባ የበሩ ደፍ ላይ ቁጭ አሉ። «ታዲያ ይሄን ሁሉ ዓመት ለምን ዝም አልሽኝ?»

«ንግዱ ጥሩ ነበራ!»

በመጨረሻ አባባ እንደ አዲስ ሙሽራ አንገታቸውን ደፍተው «እና... ልጠቀምባት?» አሉ።

«ጥያቄዋ የእኔ ናት፤ ፈቅጄልሃለሁ» አሉ እማማ፣ ከምስሩ ቀና ሳይሉ። «እኔ አይደለሁም የምትለዋ ግን የራስህ ፈጠራ ናት። እሷን ማንም አይነካብህም።»