አንዲት «እሺ» ብቻ የቀረችኝ ጊዜ

መጀመሪያ የጠፋኝ የነጠላ ዋጋ ነው። ሽሮ ሜዳ ሱቄ ውስጥ ቆሜ ለአንዲት ደንበኛ ጥለቱን እያሳየኋት ነበር። «ስንት ነው?» አለችኝ። ዋጋውን አውቀዋለሁ። አፌን ከፈትኩ። ምንም አልወጣም። ቀኝ እጄ ነጠላውን ለቀቀው። ላነሳው ጎንበስ ስል እግሬም ከዳኝ።

ባለቤቴ ቶማ ሸማኔ ነው። ከሱቁ ጀርባ ባለችው ክፍል እየሠራ ስለነበር ጩኸት ሰምቶ ሮጦ መጣ። ሱቅ የምታግዘኝ እህቱ አማረች «ለክፏት ነው! ቁስቋም ጸበል እንውሰዳት» አለች። ቶማ «ጸበሉ የትም አይሄድም፤ መጀመሪያ ሐኪም» ብሎ ታክሲ አስቆመ። ዛሬ ይህን መተረክ የቻልኩት በዚያች ውሳኔው ነው።

ሲቲ ስካን ተነሳሁ። ስትሮክ ነው አሉን፤ ወደ ግራው የአንጎሌ ክፍል የሚሄድ የደም ሥር ተዘግቷል።

ከጥቂት ቀን በኋላ ቃል ተመለሰልኝ። አንድ ቃል። እሺ።

«ውሃ ልስጥሽ?» እሺ። «አልጠማሽም እንዴ?» እሺ። «አይ» ብዬ አስባለሁ፤ የሚወጣው እሺ ነው። ጠያቂ «እግዜር ይማርሽ» ሲለኝ «አሜን» ማለት አቅቶኝ፣ እንደ ፈቃድ ሰጪ «እሺ» እለዋለሁ። በሌላ ሰው ላይ ቢደርስ እኔም እስቅ ነበር።

እኔን የሚያውቅ ሰው ይህ ነገር ይገርመዋል። ገበያው ውስጥ «ዘነበች ዋጋ ከጠራች ጠራች ነው» ይባልልኝ ነበር። ስለዚህ ቤተሰቡ በለውጤ ተደነቀ። አማረች ለጠያቂዎቹ ዳቦ እየቆረሰች «በሽታው ልቧን ገራላት፤ እንዲህ ገር ሆና አታውቅም» ትላለች። እኔ እዚያው ተኝቼ እሰማለሁ። ሁሉም ይገባኛል። ተናድጄ ልመልስላት ስል የሚወጣው እሺ ነው።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ቶማ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠ። «ዘኒ፣ ሱቁ ያለ ሰው ሊቀር ነው። ላማረች እንስጣት? እሷ ትያዘው፣ አንቺ እረፊ» አለኝ።

ያ ሱቅ ዕድሜዬ ነው። ከአንዲት ጠረጴዛ የተነሳሁበት ነው። አይ ልል አፌን ከፈትኩ።

«እሺ።»

ቶማ እፎይ አለ። ግንባሬን ሳመኝ። አለቀስኩ። የደስታ መሰለው።

ከዚያ በኋላ ፊቴን ወደ ግድግዳ አዞርኩ። ምግብ አልፈልግም። ሰው አልፈልግም። መንጋቱ አስጠላኝ። ምነው ያኔ በሞትኩ አልኩ፤ ይህንንም ለማንም መናገር አልቻልኩም። እሺ ማለትም ተውኩ። ቤቱ «አኮረፈች» አለ።

የቀጠሮ ቀን ቶማ ለሐኪሟ እንደዚያው ነገራት። «እሺ እሺ ስትል ነበር፤ አሁን አኩርፋለች፣ ዶክተር።» ሐኪሟ ወንበሯን ወደ እኔ ሳበች፤ እኔኑ ስትጠይቀኝ የዘጋሁትን አፌን ከፈትኩ።

«ስምዎ ዘነበች ነው?»

«እሺ።»

«ስምዎ ቶማ ነው?»

«እሺ።»

ቶማ ቀና አለ። ሐኪሟ የግራ አውራ ጣቴን ይዛ አሳየችኝ፤ ወደ ላይ ሲሆን አዎ፣ ወደ ታች ሲሆን አይደለም። «ስምዎ ቶማ ነው?» ጣቴን ወደ ታች አደረግሁ። ከዚያ ወደ እሱ ዞረች። «ይህ አፌዥያ ይባላል። ባለቤትዎ የምትሏቸውን ሁሉ ይሰማሉ፣ ይገባቸዋልም፤ የተጎዳው ቃል የሚያወጡበት ቦታ ነው። እሺ ቢሉዎት ፈቅደዋል ማለት አይደለም። ኩርፊያም አይደለም። ከስትሮክ በኋላ ዲፕሬሽን የሚባል ከባድ ድብርት ሊመጣ ይችላል፤ ራሱን የቻለ ሕመም ነው፣ ይታከማል።»

በታክሲ ስንመለስ ቶማ መስኮቱን ብቻ ያያል። ስለ ሱቁ ይጠይቀኛል ብዬ ጣቴን አዘጋጅቼ ነበር። አልጠየቀኝም። ላማረች ቃል ሰጥቷል፤ መልሴን ፈርቷል። አውራ ጣት ደግሞ መልስ እንጂ ጥያቄ አይሆንም።

የዲፕሬሽኑን መድኃኒት ጀመርኩ፤ ቶሎ ባይሆንም ከሳምንታት በኋላ ጠዋት ጠዋት መስኮት ይከፈትልኝ ብዬ በጣቴ ማመልከት ጀመርኩ። የንግግር ሕክምና ባለሙያ ማግኘት ቀላል አልነበረም፤ ያገኘናት ባለሙያ ቤት የምንሠራውን ልምምድ ሰጠችን፤ አፍ የለመደው ነገር ሳይታሰብ ሊወጣ እንደሚችልም ነገረችን። እውነትም «ውሃ» ማለት ያቃተኝ ሴት «አቡነ ዘበሰማያት»ን ከአማረች ጋር ጀምሬ እስከ መጨረሻው አደረስኩት፤ እሷ አቋርጣ አለቀሰች፣ እኔ ቀጠልኩ።

አማረች የሱቁን ቁልፍ የምትረከብበት ቀን ግን አልቀረም። ቶማ «ለራስሽ የምታስቀሪውን ልብስ ምረጪ» ብሎ ይዞኝ ሄደና ጥግ ላይ አስቀመጠኝ። አንዲት ደንበኛ ገብታ፣ ጥለቱን ራሴ መርጬ ያሠራሁትን ቀሚስ አነሳች። የማይሆን ዋጋ ጠራች። አማረች ቀሚሱን ማጠፍ ጀመረች፤ ልትሰጣት ነው!

«አያዋጣኝም!»

ሁሉም ዞሩ። እኔም ማን እንደተናገረ ለማየት ልዞር ምንም አልቀረኝ። ደንበኛዋ ትንሽ ጨመረች። «አያዋጣኝም» አልኩ።

ቶማ ቁልፉን እንደያዘ ከኋላ ክፍል ወጣ። አጠገቤ መጣ። የፈራውን ጥያቄ ያኔ ጠየቀኝ። «ዘኒ፣ ሱቁን ላማረች ልስጣት?»

ጣት አላስፈለገኝም። «አያዋጣኝም።»

አማረች ፊቷ ቀላ። ከዚያ ቁልፉን ከወንድሟ እጅ ወስዳ ግራ እጄ ላይ አኖረችው። «ይኸው ዳነች! ያቺው ክፉ ዘነበች መጣች» አለች፤ እየሳቀችም እያለቀሰችም።

ዛሬ አብረን እንሠራለን። ቃሉም ቀስ በቀስ እየተመለሰልኝ ነው፤ ይህን የተረክሁትም በብዙ ቀን፣ ጥቂት በጥቂት ነው። ቁጥር አሁንም ስለሚጠፋብኝ ዋጋውን እሷ ትጠራለች፣ እኔ አያዋጣኝም እላለሁ። ክፉ ቀን ይመጣል፤ ቃል ፍለጋ ደክሞኝ የማለቅስበት ቀን አለ።

እግዚአብሔርን፣ ሐኪሟን፣ ዘግይቶም ቢሆን የፈራውን ስለጠየቀኝ ቶማን አመሰግናለሁ። ፊት ከተጣመመ፣ እጅ ከዛለ፣ ንግግር ከተኮላተፈ ሳትውሉ ሳታድሩ ሆስፒታል ሩጡ። የደም ግፊት ያለበት ሰው ደህና ነኝ ብሎ ኪኒኑን አያቋርጥ። ሐዘኑ ሲበረታ ለሐኪም ንገሩ። እናንተ አስታማሚዎች ደግሞ፣ ቃል የጠፋበት ሰው «እሺ» ሲላችሁ ደግማችሁ ጠይቁት፤ ይልቁንም እሺታው ለእናንተ የሚመች ሲሆን።