ቀድሞ የወጣ ሙሾ

ባለፈው ሳምንት የገዛሁት ስልክ ገና ሲከፈት «ድምፅዎን ለመቅዳት ይፈቅዳሉ?» ብሎ ጠየቀኝ። ጣቴ መስታወቱ ላይ ቀረ። ዛሬ ጥብቅና የምቆመው በአብዛኛው ድምፃቸው፣ ምስላቸው ወይም መልእክታቸው ያለ ፈቃድ ለተወሰደባቸው ሰዎች ነው። እንዲህ ስጠየቅ ግን ሁልጊዜ ትዝ የሚለኝ አንድ የወረታ ጥቅምት ነው።

የሕግ ተማሪ ነበርሁ፤ ለልምምድ ወረታ ነጻ የሕግ ድጋፍ ቢሮ ተመደብሁ። የክረምቱ ውሃ ከሜዳው ሸሽቶ ሩዙ ዘለላውን ደፍቷል። ጠዋት ጉሙ ከመሬት ስለማይነሳ ከብቶቹ እግር የሌላቸው ይመስሉ ነበር።

በአንድ የገበያ ቀን እማማ አንጓች የሚባሉ አልቃሽ መጡ።

«ልጄ፣ ድምፄን አስመልሽልኝ» አሉኝ።

ታናሽ ወንድማቸው አቶ ሙጨ ታመው ሰንብተዋል። እማማ አንጓች ደግሞ ግጥም በሞት ቀን አይፈልጉም፤ አስቀድመው፣ ብቻቸውን ያሰናዳሉ። ሩዝ ማሳው ዳር የወንድማቸውን ሙሾ ሲሞክሩ አንድ መንገደኛ በስልኩ ቀዳቸው። ቅጂው ወረታ ካለ፣ በስልክና በፍላሽ ዘፈን ከሚጭን ሱቅ ደረሰ፤ ከዚያ ወደ ባጃጆቹ። በሙሾው ስማቸውን የሰሙ ዘመዶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ከይፋግ እየጮሁ መጡ። አቶ ሙጨ ደጃፋቸው ላይ ፀሐይ ይሞቁ ነበር።

«ምን አሏቸው?»

«‹ደርሳችሁልኛል፣ ግቡ› አለና ሳቀ። ከዚያ ወዲህ ግን እህል አይቀምስም። ‹የተለቀሰለት ሰው ምን ይበላል?› ይላል። ያ ድምፅ ከገበያው ከጠፋ ይበላልኛል።»

ዓይን አፋር ነኝ፤ ቢሆንም አብሬያቸው ሄድሁ። ባለሱቁ ወፍራም፣ ጨዋታ የሚወድ ጎልማሳ ነበር።

«እማማ፣ እርስዎን እኮ ሰው ወደደዎት! የሰርግ ዘፈን እንኳ እንዲህ አልተጫነልኝም» አለ።

እየተንተባተብሁ ሕጉን ነገርሁት። ትከሻውን ነቀነቀና ኮምፒውተሩን አዞረልኝ። ፋይሎቹ ስም የላቸውም፣ ቁጥር ብቻ።

«የትኛው እንደሆነ ለይተሽ አሳይኝ፤ አጠፋዋለሁ።»

«ክፈተው» አልሁ። ጥንቃቄ መስሎኝ ነበር።

ድምፁ የወጣው ደጅ ካለው ትልቅ ስፒከር ነው። የገበያው ሴቶች ሸክማቸውን አውርደው ነጠላቸውን አዘቀዘቁ፤ አንዷ ደረቷን መታች። እማማ አንጓች አጠገቤ ቆመው ከንፈራቸው ያለ ድምፅ ግጥሙን ይከተል ነበር። ባለሱቁ ቶሎ አጠፋው። የመንደራቸው ሰዎች ግን ሰምተው፣ «አረፉ» ብለው ወደ አቶ ሙጨ ቤት ተነሥተዋል።

እኛ ስንደርስ ግቢው በለቀስተኛ ተሞልቷል። አቶ ሙጨ መደቡ ላይ ሆነው አዩኝ። የቀረበላቸውን የሩዝ እንጀራ በእጃቸው ገፋ አድርገው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ።

ሳምንት አልቆዩም።

በቀብሩ ቀን ሰው ሁሉ እማማ አንጓችን ጠበቀ።

«እኔ ጨርሻለሁ» አሉና ተቀመጡ።

ያኔ በመንገዱ አንድ ባጃጅ አለፈ፤ ውስጡ የሳቸው ድምፅ ወንድማቸውን ይጠራል። ለቀስተኛው በዚያ አለቀሰ።

አዲሱን ስልክ «አልፈቅድም» አልሁት፤ እሱም ዝም አለ። ያን ቀን ባለሱቁን «ስፒከሩን ንቀለው» ብዬው ቢሆን ኖሮ እላለሁ፤ ሁለት ቃል ነበር። ዛሬም ባጃጅ በአጠገቤ ሲያልፍ፣ የማንን ስም እንደሚጠራ እስክሰማ ትንፋሼን እይዛለሁ።