ኦርፌዎስን ወደ ኋላ ያዞረችው ሴት

ፖሊክሴኒ ተዋንያንን የምታውቃቸው በጫማቸው ነው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ከመድረኩ ፊት፣ ከወለሉ በታች፣ ጀርባውን ለተመልካች በሰጠ የእንጨት ሳጥን ውስጥ ተቀምጣ ኖራለች። ጉልበቷ ላይ ጽሑፉ፣ ከጎኗ ፋኖስ፣ ካፍንጫዋ ፊት ጫማ። ንጉሥ ነኝ ባዩ ተረከዙ የተበላ ጫማ ማድረጉን፣ ልዕልት ነኝ ባይዋም እግሯ አብጦ ማሰሪያዋን መፍታቷን ከእሷ በቀር የሚያውቅ አልነበረም።

አስታዋሽ ይሏታል። ስሙ ውሸት ነው። የሚያስታውሱት ቀድሞ የሚያውቅን ሰው ነው። የአለቃዋ የኪር (አቶ) አሪስታርኮስ የቴአትር ጓድ ግን በግሪክ አገር በባቡር ከከተማ ከተማ እየዞረ በየቀኑ ሌላ ተውኔት ስለሚያሳይ፣ ቃሉን አጥንቶ መድረክ ላይ የሚወጣ አንድም ሰው አልነበረውም። እሷ በሹክሹክታ ትላለች፤ እነሱ በጩኸት ይደግማሉ። ሕዝቡ ያጨበጭባል፤ እነሱ እጅ ይነሳሉ። መቼ እንደሚዞሩና መቼ እንደሚንበረከኩ እንኳ የሚያውቁት በቀጭን ዘንግ ጫማቸውን ስትነካቸው ነው። በተለይ ዋናው ተዋናይ ትራሲቩሎስ ቁመናው የጄኔራል፣ ጭንቅላቱ የከበሮ ነበር፤ ከውጭ ካልመቱት አይጮህም።

ሥራውን የወረሰችው ከባሏ ነው። ሎይዞስ የዚያው ሳጥን ሰው ነበር። አንድ ምሽት ሳል አላስወራው ሲል እሷ በሱ ፈንታ ገባች። ኪር አሪስታርኮስ ሰው መለወጡን የተረዳው ከሳምንት በኋላ ነው፤ እሱም ቢሆን የለመደው የሎይዞስ ስሕተት ስለ ጠፋበት ነው። ከዚያ ጦርነቱ መጣ። በአቴና በዚያ የረሃብ ክረምት ሎይዞስ ሞተ። የማዘጋጃ ቤቱ ጋሪ በር ላይ ቆሞ ሬሳው በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ከሌሎች ሬሳዎች ጋር ሲጫን፣ ፊቱን ለማየት እጇን ዘረጋች። ነጂው፣ «ተይው እናቴ፣ አትግለጪው፤ እንደምታውቂው ይቅርልሽ» አላት። ተወችው። ጋሪው ሄደ፤ የት እንደ ቀበሩት የሚነግራት ጠፋ። ምላሰኛዋ ፖሊክሴኒ በሕይወቷ የተነገራትን ሰምታ እሺ ያለችው ያን ቀን ብቻ ነው። እስከ ዛሬ ይቆጫታል።

ከጦርነቱ ወዲህ ዐሥረኛው መስከረም ላይ ጓዱ ከክሳንቲ ወዲያ ባለች አንዲት የትምባሆ ከተማ ወረደ። የትሬስ አገር ስለሆነ ኪር አሪስታርኮስ ኦርፌዎስን እናሳያለን አለ። እዚያ አገር ኦርፌዎስ የእኛ ነው የማይል መንደር የለም። ጸጉር አስተካካዩ የኦርፌዎስን የጂብስ ጭንቅላት መስኮት ላይ አስቀምጦ ፎጣ ያንጠለጥልበታል። የትምባሆው ነጋዴ በቆርቆሮ ክዳን ላይ አሳትሞታል፤ ጺሙን ግን ከራሱ ነው ያዋሰው። የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር በየዓመቱ ልጆቹን አንሶላ አልብሶ ያስዘምረዋል። ሁሉም ሰውዬውን እንደ ፍላጎቱ ቀብቶታል፣ ቀርጾታል፣ ዘፍኖታል፤ ሰውዬው ክሱን የሚያቀርብበት ፍርድ ቤት የለም።

ታሪኩ አጭር ነው። ክራር መቺው ኦርፌዎስ ያገባት ኤውሪዲቄ የሠርጓ አበባ ሳይደርቅ እባብ ነድፏት ሞተች። እሱ ክራሩን ይዞ ሙታን አገር ወረደና ዘፈነ፤ የሙታን ጌታም ልቡ ራርቶ፣ ውሰዳት፣ ከኋላህ ትከተልሃለች፣ ብርሃን እስክትደርሱ ግን ዞር ብለህ እንዳታያት አለው። መውጫው ጫፍ ላይ ሲደርስ ዞረ። አያት። እሷም ተመልሳ ወረደች፤ አለቀ።

ለኪር አሪስታርኮስ ግን አላለቀም። ተሰሎንቄ ሆቴል ውስጥ ተኝቶ በራዲዮ የሰማው የአውሮፓ ኦፔራ ነበር፤ እዚያ መጨረሻው ላይ ሚስቲቱን መልሰው ይሰጡታል። ተመስጦ ተነሣ። ሦስት ገጽ ጻፈ፦ ኦርፌዎስ ሳይዞር ይወጣል፣ ከበሮ ይመታል፣ ሠርግ ይደገማል። የሚያጋባቸውን ቄስ ራሱ ሊጫወት ጺም ገዛ።

ፖሊክሴኒ ገጾቹን አንብባ መለሰችለት። አውሮፓ ሀብታም ነው፣ ሟች ይመልሳል፤ እኛ ጋ አንዴ የሄደ ጥሎሽ እንኳ አይመለስም አለችው። እሱም ሕዝቡ በጦርነቱም ከጦርነቱ በኋላም አልቅሶ እንደ ደከመው፣ አሁን የሚያስፈልገው ሠርግ እንደ ሆነ አስረዳት። ሠርግማ እሁድ እሁድ በነፃ ያያል አለች። ነገሩ እየተካረረ ሄደና ሰውዬው ጣቱን ቀሰረ።

«ስሚኝ ኪራ ፖሊክሴኒ። ከአሮጌው መጨረሻ አንድ ቃል ከሳጥኑ ከወጣ፣ በሚቀጥለው ጣቢያ ሻንጣሽን ይዘሽ ትወርጃለሽ።»

ሃምሳ ሰባት ዓመቷ ነበር። ቤት የላት፣ ልጅ የላት፤ ያላት ያ ሻንጣና ያ ሳጥን ነው። ዝም አለች። ኪር አሪስታርኮስ እሺታ መሰለው። ዕድሜውን ከለፍላፊ ጋር የኖረ ሰው የዝምታን ፍቺ ከየት ይማራል?

የጓዱ ሰዎች በየከተማው የሚያድሩት በየሰዉ ቤት ተከፋፍለው ነበር። ፖሊክሴኒ የደረሳት ዛምቤታ ቤት ነው፤ ጣቶቿ ከትምባሆ ቅጠል የጠቆሩ፣ ሳቋ ከጎረቤት የሚሰማ መበለት። ገና ሻንጣዋን ሳታስቀምጥ፣ ቅዳሜ ጠዋት ባሌን እናወጣዋለን፣ አብረሽኝ ትመጫለሽ አለቻት። እዚያ አገር ሟች አፈር ውስጥ ለዘላለም አይተውም። አምስት ዓመት ሲሞላው ሴቶቹ ይቆፍሩታል፤ ዐፅሙ በወይን ጠጅ ታጥቦ በሳጥን ወደ ዐፅም ቤት ይገባል። ፍርሃቱ መሬት ሥጋውን በልታ ሳትጨርስ የቀረች እንደሆነ ነው። ያኔ ሟቹ እንደ ገና ይቀበራል፤ የጎረቤት ምላስ ግን አይቀበርም።

ቅዳሜ ስድስት ሴቶች መቃብሩን ከበቡ። የምትቆፍረው ማላማ ነበረች፤ ግማሹን ከተማ ቀብራ ግማሹን ያወጣች አሮጊት። ወገቧ ድረስ ጉድጓድ ውስጥ ገብታም ዐፅሙ አልታይ አለ። ዛምቤታ ፊቷ አመድ መሰለ። አንዲት ጎረቤት ልታጽናናት፣ ስቴርጊዮስ ድሮም ከአልጋ ለመነሣት ሰነፍ ነበር፣ ታገሺው አለቻት፤ ሴቶቹ ሁሉ እንባቸው ሳይደርቅ ሳቁ። ያኔ የማላማ መቆፈሪያ አንድ ነገር ነካ። መቆፈሪያውን ጥላ በእጇ ጫረች። የራስ ቅሉ ንጹሕ ሆኖ፣ እንደ ሰም ቢጫ ሆኖ ወጣ።

ማላማ በነጭ ሻሽ ይዛ ወደ ላይ ስታቀብል ዛምቤታ ፊቷን አዞረች።

«እዪው» አለቻት ማላማ ከጉድጓዱ።

«አልችልም።»

«እዪው እንጂ ልጄ። እዪውና እንኳን ደህና መጣህ በይው። ከዚያ ይሄዳል፤ አንቺም ትሄጃለሽ።»

ዛምቤታ ዞረች። አየችው፤ ግንባሩን ሳመችው። እንኳን ደህና መጣህ ስቴርጊዮስ አለች፤ ሴቶቹም ሁሉ ተቀበሏት። ከዚያ እጅጌዋን ጠቅልላ፣ ማሰሮዋን አንሥታ ወይን ጠጁን ስታፈስ፣ እጇ የሸክላ ሳሕን የምታጥብ ሴት እጅ ነበር።

ፖሊክሴኒ ማላማን ከጉድጓዱ ስትስባት ጠየቀቻት፦ «ባታየውስ ኖሮ?»

አሮጊቷ አፈሯን አራገፈች። «ታዲያ ለምን አወጣነው?»

ወደ ቤት ሲመለሱ ዛምቤታ ግድግዳ ላይ የተለጠፈውን ማስታወቂያ አሳየቻት፤ ሴትዮዋን አውጥታችሁ ትድሯታላችሁ ይላል፣ እውነት ነው? አለች። ፖሊክሴኒ እውነት ነው አለቻት። ዛምቤታ ከት ብላ ሳቀች። ስቴርጊዮስን ነፍሱን ይማረውና፣ ተመልሶ መጣ፣ እንደ ገና ተጋቢው ቢሉኝ፣ ወደ ጉድጓዱ የምሮጠው እኔ ነኝ አለች። ፖሊክሴኒ አልሳቀችም። ስለ አንድ ብርድ ልብስ ታስብ ነበር።

በማግስቱ እሁድ፣ ከምሳ በኋላ፣ ተውኔቱ የሚታይበት ባዶው የትምባሆ መጋዘን ሞላ። እንደ ልማዱ ሁሉም ወንበሩን ከቤቱ ተሸክሞ መጣ። ከንቲባው ባለ መደገፊያ ወንበሩን በሰው አሸክሞ መጣ፤ ሥልጣን ማለት መቀመጫህን ሌላ ሰው ሲሸከምልህ ነው። ጥቁር የለበሱት ሴቶች ግን ቀድመውት ፊት ተደርድረዋል፤ ማላማ መሐል፣ ዛምቤታ ከጎኗ። የዱባ ፍሬ ይፈለፈላል፣ ልጅ ያለቅሳል፣ የመጋዘኑ ግድግዳ ገና ትምባሆ ይሸታል።

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ክፍሎች እንደ ወትሮው አለፉ። ትራሲቩሎስ የካርቶን ክራሩን እየደበደበ ሙታንን አስለቀሰ። በሦስተኛው ክፍል የሱ ትልልቅ ጫማዎች ወደ ፖሊክሴኒ መጡ፤ ከኋላ ኤውሪዲቄን የምትጫወተው የኪር አሪስታርኮስ ሚስት፣ የኤርሚዮኒ፣ ነጭ ጫማዎች ይከተላሉ። ከመጋረጃው ጎን ደግሞ የቄሱ ቀሚስ ጫፍ ይታያል። ኪር አሪስታርኮስ ጺሙን ለጥፎ፣ ሁለቱን የሠርግ አክሊሎች ይዞ ተራውን ይጠብቃል።

ፖሊክሴኒ ሦስቱን ገጾች አየች። ከዚያ ጽሑፉን ዘጋችው። አሮጌውን መጨረሻም አላነሣችም፤ በአሮጌው ሰውዬው የሚዞረው ስለ ደነገጠ፣ ትዕግሥት ስላጣ፣ ስለ ሞኘ ነው። ይኼ ሰው ሞኝ አይደለም አለች በልቧ። ትራሲቩሎስ ጆሮውን ወደ ሳጥኑ ዘንበል አደረገ፤ እሷም አቀበለችው።

«እዚህ ልቁም» ብሎ አስተጋባ ትራሲቩሎስ። «እንዳታያት አሉኝ። ሳላያት ላወጣት፣ ለምን ወረድኩ?»

የቄሱ ቀሚስ ተንቀጠቀጠ። ፖሊክሴኒ በዘንጉ የትራሲቩሎስን የግራ ተረከዝ ነካች። ከሳጥኑ የወጣ ሕግ ነውና ያ ከበሮ ዞረ፤ ሙሽሪትን ፊት ለፊት አያት።

በመጋዘኑ ውስጥ የዱባ ፍሬ መፈልፈሉ ቆመ። ያኔ ከፊት ረድፍ ማላማ፣ ትናንት መቃብር ላይ እንዳሉት፣ በዚያው ድምፅ፣ «እንኳን ደህና መጣሽ፣ ልጄ» አለች። ዛምቤታ ተቀበለች። ከዚያ ሴቶቹ ሁሉ። ከንቲባው ይህን የፈቀደው ማን እንደ ሆነ ለማወቅ ግራ ቀኝ ተገላመጠ።

ኤርሚዮኒ ለሠርግ የተዘጋጀ ፈገግታዋን ይዛ ደርቃ ቀረች። ለሷም ቃል ደረሳት። «አየኸኝ» ብላ ደገመች፣ «እንግዲህ ይበቃኛል።» በዐሥራ አንድ ዓመት የመድረክ ሥራዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ማንም ሳይነግራት ድምጿን ዝቅ አደረገች። ነጫጮቹ ጫማዎች ወደ ኋላ፣ ወደ ጨለማው፣ ቀስ ብለው ሄዱ።

ጭብጨባ አልነበረም። ሴቶቹ አማተቡ፤ ወንዶቹ ቆባቸውን አወለቁ። ጭብጨባ ሲጠፋበት የሞተ የሚመስለው ትራሲቩሎስ ላብ በላብ ሆኖ ቆመ። ማላማ እየተጎተተች ወደ መድረኩ ቀርባ፣ ደግ አደረግህ አለችው፤ ከመቀነቷም ዳቦ ፈትታ ሰጠችው። ሕዝቡ እያንሾካሾከ ወጣ።

ኪር አሪስታርኮስ መጣ። አንድ ጆሮው ላይ ጺሙ ተንጠልጥሏል፤ አክሊሎቹ እጁ ላይ ናቸው። ፖሊክሴኒ ከሳጥኑ አልወጣችም።

«ትወርጃለሽ» አለ። «ድራማ ከተማ፣ ጣቢያው ላይ።»

«እወርዳለሁ። ድራማ ከተማ ማክሰኞ የምታሳዩት ምንድን ነው?»

ኪር አሪስታርኮስ አክሊሎቹን አገላበጠ። ትራሲቩሎስ ዳቦውን እያኘከ፣ «እኔ ማን ነኝ ማክሰኞ?» ብሎ ጠየቀ። ከጓዱ አንዱም አያውቅም ነበር። ኤርሚዮኒ ባሏን ትታ ወደ አዳራሹ ታያለች። «ወንበሮቹ» አለች።

እዚያ አገር ተውኔት ሲያልቅ ሰው ወንበሩን ተሸክሞ ይሄዳል። የማይመለስበት ቦታ ወንበሩን ጥሎ የሚሄድ ትሬሳዊ ገና አልተወለደም። መጋዘኑ ግን ባዶ ወንበር ሞልቶ ነበር። ማንም አላነሣም። የከንቲባው ባለ መደገፊያ እንኳ ቆሟል፤ ተሸካሚው ሌሎቹን አይቶ ትቶት ይሆናል።

ኪር አሪስታርኮስ ሌላ ምንም የማያውቅ ቢሆን ወንበር ማንበብ ያውቃል። ጺሙን ነቅሎ ኪሱ ከተተ። ነገም ይኸው ይታያል አለ፤ ከነገ ወዲያም፤ ጓዱ በታሪኩ አንድ ተውኔት ደግሞ አያውቅም ነበር። ከዚያ ጎንበስ ብሎ ወደ ሳጥኑ አየና ድምፁን አለዘበ።

«ያን መጨረሻ ጻፊልኝ። ከጽሑፉ ጋር ይቀመጥ።»

«አልጽፍም።»

«እንዴት አልጽፍም? የጓዱ ነው እኮ።»

«ብጽፈው ማክሰኞ ሌላ አስታዋሽ ታነበዋለች» አለች ፖሊክሴኒ። «እዚህ ነው ያለው» ብላ ግንባሯን በጣቷ ነካች። «እኔ ሳጥኑ ውስጥ ካለሁ እሱም አለ። እኔ ከወረድኩ አብሮኝ ይወርዳል። አንተ ጌታዬ፣ የትኛው ጣቢያ እንደሚሻልህ ምረጥ።»

አልመረጠም። ከሳምንት በኋላ ድራማ ከተማ ሲደርሱ፣ በየግድግዳው «ኦርፌዎስ፣ በኪር አሪስታርኮስ ድንቅ አዲስ ፍጻሜ» የሚል ማስታወቂያ ተለጥፎ ነበር። ፖሊክሴኒ ፊቱ ቆማ እስከ መጨረሻው አነበበችው። ከዚያ ለጣፊውን፣ ሙጫህ ቀጥኗል፣ ዝናብ ከመጣ ስሙ ቀድሞ ይወርዳል ብላው፣ ሳጥኗን ልታስተካክል ገባች።